የሁለት ሶኬት አዝማች

«ለሁለት ሶኬት አድናቂዎች ማኅበር አባላት በሙሉ። የባንዱ ድምፃዊ፣ አንጋፋው አርቲስት ኬብሮን ዘሪሁን፣ ዛሬ መጋቢት ሰባት ቀን ሁለት ሺህ ሰማንያ ሰባት ዓመተ ምሕረት፣ ከማለዳው አንድ ሰዓት ከሃያ ሲሆን በመኖሪያ ቤታቸው አንድ ጊዜ ማስነጠሳቸውን የማኅበሩ ጽሕፈት ቤት በታላቅ የኃላፊነት ስሜት ይገልጻል። ሁለተኛው ማስነጠስ ይመጣል ተብሎ ለአራት ደቂቃ ቢጠበቅም አልመጣም። በአጠገባቸው የነበሩት ጎረቤት ‹ይማርዎ› ብለዋቸዋል፤ አርቲስቱም ‹ያኑርዎ› ሲሉ መልሰዋል። አባላት እንዲረጋጉና ብርማ ጃኬታቸውን አስተኩሰው ለቅዳሜ እንዲዘጋጁ እናሳስባለን።»

ማስታወቂያው በጀሞ ኮንዶሚኒየም በየግድግዳው ድምፅ ማጉያ ሲነገር፣ ሶሊያና ለእናቷ አጥሚት እያቀረበች ነበር። ማንኪያውን አስቀመጠች።

«አንድ ጊዜ ብቻ?» አሉ እናቷ እማማ ብሌን ከአልጋቸው ላይ።

«አንድ ጊዜ ነው የሚሉት፣ እማዬ።»

«ወንድ ልጅ አንድ ጊዜ አያስነጥስም። የደበቁት ነገር አለ።»

ሶሊያና ማንኪያውን መልሳ አነሣች። ሁለተኛው ማስነጠስ መጣም ቀረም፣ ነገሩ ከማንም በላይ የሚነካው እሷን ነው። ሁለት ሶኬት ማለት ሁለት ሰው ነው፤ ኬብሮን ይዘፍናል፣ እሷ ኪቦርድ ትነካለች፣ የቀረውን ማሽኑ ይጨርሰዋል። በ2036 እዚሁ ቤት፣ እዚሁ አራተኛ ፎቅ ላይ፣ እሷ አሥራ ዘጠኝ እሱ ሃያ አንድ ዓመታቸው ሳለ ሲጀምሩ ሥራቸውን «ኤሌክትሮኒክ ሮክ» አሉት። ሮኩን ሰው ስላልወደደው ሁለተኛውን አልበም «ሲንትፖፕ» አሉት። ሦስተኛው ላይ ስም መለወጡ ሰልችቷቸው ዝም አሉ። «ቮልቴጅ» የሚለው ዘፈናቸው አንድ ክረምት ሙሉ በየታክሲው ተከፈተ። የሚቀጥለው ክረምት የሌላ ሰው ነበር።

በ2049 አንድ የቴሌቪዥን ጋዜጠኛ ስለ ባንዱ ሲጠይቀው ኬብሮን፣ «ባንዱ እንግዲህ እኔ ነኝ፤ አንዲት ኪቦርድ የምትነካ ልጅም አለች» ብሎ መለሰ። ሶሊያና ከዚያን ዕለት ጀምራ ሠላሳ ስምንት ዓመት አላነጋገረችውም። በሌላ ዘመን ቢሆን ባንዱ እዚያው ላይ ይፈርስና እሷ የሙዚቃ መምህርት፣ እሱ የመኪና ደላላ ሆነው ይቀሩ ነበር። ግን የ2058ቱ አዋጅ ደረሰ።

አዋጁ አዲስ ነገር አላመጣም፤ የነበረውን ነው የጻፈው። ቀበሌ ሰውን ቤቱ ሄዶ ቢያንኳኳ አያገኘውም፤ በሚወደው ዘፋኝ ግሩፕ ውስጥ ግን ቀንም ሌትም ያገኘዋል። እድሮች ሲፈርሱም ድንኳኖቹን የወረሱት አድናቂዎች ነበሩ። ስለዚህ ቀበሌ ተዘጋና እያንዳንዱ ዜጋ የማን አድናቂ እንደሆነ በሦስት ቀን ውስጥ እንዲያስመዘግብ ታዘዘ። ከዚያ ወዲህ ሰው የሚመዘገበው፣ የሚዳረው፣ ዋስ የሚያገኘውና የሚቀበረው በአድናቂ ማኅበሩ ነው። ትልልቆቹ ዘፋኞች የራሳቸው ሆስፒታል አላቸው። አንድ የእግር ኳስ ክለብ ቀለበት መንገድ አለው። ሁለት ሶኬት ደግሞ አራት ሺህ አንድ መቶ አሥራ ሁለት አባላት፣ አንድ ድንኳን፣ ሁለት የጭስ ማሽንና አንድ የቀብር ቦታ አለው። ምቀኞች፣ ያን ያህል ሰው የተገኘው የምዝገባው ዝርዝር በሀ ሁ ተራ የተጻፈ ስለነበርና የቸኮለ ሁሉ ከላይ ያገኘው ላይ ስለፈረመ ነው ይላሉ። ሶሊያና ይህን ወሬ ሰምታ አታውቅም፤ ሲጀመር ከክፍሉ ትወጣለች።

አዋጁ ማኅበር የሚኖረው አርቲስቱ «በሥራ ላይ» እስካለ ድረስ ነው ይላል። ሁለት ሶኬት ከ2049 ወዲህ አዲስ ዘፈን አልሠራም። በሥራ ላይ ግን ነው።

ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ደረጃው በሰው ይሞላል። ሶሊያና ኪቦርዷን በሩ አጠገብ ዘርግታ ትቀመጣለች። ባለጉዳይ ወረቀቱን ያቀርባል፤ ታነባለች፤ ሦስት ኖታ ትመታለች፤ ወረቀቱ ጸና ማለት ነው። ለልደት ሦስቱ ኖታዎች ወደ ላይ ይወጣሉ፣ ለዋስትና ባሉበት ይቆማሉ፣ ለሞት ይወርዳሉ።

«እትዬ ሶሊያና፣ የበቀደሙ ኖታ ሸፈፍ ብሏል ብለው ባንክ መለሱብኝ» አለ አንድ መላጣ ሰው፣ ወረቀቱን በሁለት እጁ እንደ ሕፃን አቅፎ።

«የትኛው ኖታ?»

«መካከለኛው ነው ያሉት።»

«መካከለኛው ደህና ነው። ገንዘብ ያዡ የማን አድናቂ ነው?»

«የአንድ በገና ደርዳሪ መሰለኝ።»

«ታዲያ እሱ ስለ ፈጣን ነገር ምን ያውቃል!» አለችና እንደገና መታችለት። ሰልፉ ሳቀ። ከኋላ አንድ ጎረምሳ ሙሽራ፣ «እትዬ፣ ለኔ ትንሽ ጎላ አድርገው ይምቱልኝ፤ የሚስቴ ወገኖች ናቸው የሚያዩት!» ብሎ ጮኸ።

በዚያች ረቡዕ ከሙሽራው ቀጥሎ የደረሰው የማኅበሩ ዋና ጸሐፊ ኢዩኤል ነበር። ኢዩኤል አርባ አምስት ዓመቱ ነው፤ ማንም የማያውቀውን ነገር ሲናገር እንኳ «እንደሚታወቀው» ብሎ ነው የሚጀምረው። በእጁ ከምዘና ቢሮ የመጣ ደብዳቤ ይዟል።

«እንደሚታወቀው እትዬ፣ ቅዳሜ የአምስት ዓመቱ ምዘና ነው።»

«አውቃለሁ። ሁለታችንም በሕይወት አንድ መድረክ ላይ መታየት፣ አንድ ዘፈን ከጫፍ እስከ ጫፍ መጫወት፤ የታዳሚውን እግር ይቆጥራሉ፣ ይሄዳሉ።»

«እንደሚታወቀው እግር መቁጠር ቀርቷል።»

«ካልተነገረኝ እንዴት ነው የሚታወቀው?»

ኢዩኤል ደብዳቤውን ዘረጋ። «‹ታዳሚው የዘፈኑን አዝማች ያለ ድምፃዊው እርዳታ፣ በባንዱ ሙዚቃ ታጅቦ፣ ስምንት ጊዜ በኅብረት ይዘፍናል። ይህን ያላሟላ ማኅበር ይፈርሳል፤ አባላቱም ክፍት ቦታ ወዳለው ማኅበር ይዛወራሉ።› ይላል።»

«ክፍት ቦታ ያለው ማነው?»

ኢዩኤል ወደ ውስጠኛው ክፍል አየት አደረገና ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ኮሜዲያን ፍንጭቱ።»

ሶሊያና እጇን ከኪቦርዱ ላይ አነሣች። የፍንጭቱን ማኅበር ቀብር አንድ ጊዜ አይታለች። የሟች የሕይወት ታሪክ በሦስት ቀልድ ይነበባል፤ ሦስተኛው ቀልድ የግድ ከሁለቱ የበለጠ መሆን አለበት። ከዚያ አፈር ሲመለስ የተቀዳ ሳቅ ይለቀቃል። ያልሳቀ ዘመድ በማግስቱ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ይደርሰዋል። የሁለት ሶኬት ቀብር ጨዋ ቀብር ነው፤ ጭስ ይለቀቃል፣ ሰው ብርማ ጃኬቱን ለብሶ ከማሽኑ ከበሮ እኩል እየተራመደ ያለቅሳል፣ ንስሐ አባትየውም ጭሱን ለምደውታል።

እማማ ብሌን ዘጠና አራት ዓመታቸው ነው። ሐኪሙ ልባቸውን ካዳመጠ በኋላ በወራት መቁጠር ትቶ በሳምንታት መቁጠር ጀምሯል።

«በሳቅ የምሸኘው ምን አጥፍቼ ነው?» የሚል ድምፅ ከውስጥ መጣ።

«አትሸኚም፣ እማዬ።»

«ማነው ያለው?»

«እኔ ነኝ ያልኩት።»

ሶሊያና የምትፈልገው ይኸው ብቻ ነበር፤ ሁለት ሶኬት ከእናቷ በአንድ ቀን እንኳ በልጦ እንዲኖር። ከዚያ ወዲያ ቢፈርስም ግድ የላት። እማማ ብሌን የማኅበሩ አባል ቁጥር አንድ ናቸው። ሶሊያና በሰጠችው ቃለ መጠይቅ ሁሉ፣ «የመጀመሪያዋ አድናቂዬ እናቴ ናት» ስትል ኖራለች። እማማ ብሌን ይህን ሲሰሙ ነጠላቸውን ያስተካክላሉ።

«አያስቡ» አለ ኢዩኤል። «‹ቮልቴጅ›ን የማያውቅ አባል የለንም። እኔ ራሴ በየቀኑ ነው የምሰማው።»

«እስኪ አዝማቹን በለው።»

ኢዩኤል ሳቀ። «እኔማ እንደሚታወቀው ድምፅ የለኝም።»

ሰልፉ ሲበተን ሶሊያና ዘፈኑን ከፈተች። ከከፈተችው ሃያ ዓመት አልፏታል። ማጫወቻ ሁሉ ዘፈንን እንደ ሰሚው ጠባይ ካስተካከለ ሰነባብቷል፤ የእሷ «ቮልቴጅ» አዝማቹ ላይ ሲደርስ ስለ አጥንት መሳሳትና ስለ ወተት ይመክራል። ለኢዩኤል ደወለች፤ የእሱ አዝማች ሰዓት ስለማክበር ነው። የመጀመሪያው ቅጂ መዝገብ ቤት አለ፤ ለማስወጣት ማመልከቻ ይጠይቃል፤ መልሱ በአሥራ አምስት የሥራ ቀን ውስጥ ይደርሳል። ቅዳሜ ከነገ ወዲያ ማግስት ነው።

አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀምጣ ለማስታወስ ሞከረች። የመጀመሪያው ስንኝ መጣ፣ ሁለተኛው መጣ፤ አዝማቹ ሊገባ ሲል ሰው ከፊቷ በር የዘጋባት ያህል ቀጥ ይላል። ግን አልደነገጠችም። ኬብሮን ከመጀመሪያው ቀን አንሥቶ አዝማቹ ላይ ሲደርስ ማይኩን ወደ ሕዝብ ያዞራል፤ አዝማች የሕዝብ ነው። አራት ሺህ ሰው አንድ ላይ አይረሳም።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ አራት አባላት እማማ ብሌንን ከነወንበራቸው ተሸክመው አራት ፎቅ አወረዷቸው። ምዘናው የሚካሄደው በድሮው የመኪና ማቆሚያ ሕንፃ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነው። ብርማ ጃኬት የለበሱ ስድስት መቶ ሰዎች ተሰልፈው ገቡ፤ የቀሩት ሦስት ሺህ አምስት መቶዎቹ ከሐኪም ወረቀት አቅርበዋል።

መልበሻ ክፍሉ የጥበቃ ቤት የነበረ ነው። ኬብሮን አንገቱን በሁለት ሻርፕ ጠቅልሎ ተቀምጧል። ድሮ ረጅም ነበር፤ አሁን ቁመቱ ጎብጦ ወደ ፊት ሄዷል። ኢዩኤል እንደተለመደው ቃለ ጉባኤ ይዞ በመካከላቸው ቆመ።

«ለባልደረባዬ ንገርልኝ» አለ ኬብሮን፣ «ጉሮሮዬ ደህና ነው።»

«እንደሚታወቀው ጉሮሯቸው ደህና ነው።»

«ሰምቻለሁ። ደንቆሮ አይደለሁም በለው።»

ኢዩኤል «ደንቆሮ» የሚለው ቃለ ጉባኤ ላይ ይገባ አይገባ እያሰበ ሳለ የጭስ ማሽኑ አልነሣ አለ ተብሎ ተጠራና ወጣ። ሁለቱ ከተኳረፉ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ያለ ጸሐፊ ቀሩ። ኬብሮን ሻርፑን ፈታ፣ እንደገና አሰረ።

«ሶሊ።»

ሶሊያና ቀና አለች። ሠላሳ ስምንት ዓመት ቆይቶ የሚመጣ ቃል ይቅርታ ይሆናል ብላ ነበር።

«አዝማቹ እንዴት ነበር የሚጀምረው?»

«አንተ አይደለህ እንዴ ዘፋኙ?»

«እኔ መች ዘፍኜው አውቃለሁ? ማይኩን ነው የማዞረው።»

«ስቱዲዮ ስንቀዳስ?»

«ስቱዲዮማ ካንቺ ወረቀት ላይ አነበብኩት። ግጥሙን አንቺ አይደለሽ የጻፍሽው?»

«እኔ ዜማውን ነው የሠራሁት። ግጥሙ ያንተ ነው።»

«በ2044 ጋዜጣ ላይ ግጥሙ የኔ ነው ብለሽ የለም እንዴ?»

«አንተም ብለሃል።»

«እንግዲያው እንኪ፣ ያንቺ ይሁን።»

«ኧረ አልፈልግም! አሁን ነው የምትሰጠኝ?»

ሳይፈልጉ ሁለቱም ሳቁ። ከውጭ ወንበር ሲጎተት ይሰማል።

«ምን ያስጨንቀናል» አለ ኬብሮን። «ሕዝቡ ያውቀዋል።»

«አዎ፣ ሕዝቡ ያውቀዋል።»

«እማማ እንዴት ናቸው?»

«ይሄ ሁሉ ለእሷ ነው።»

«አውቃለሁ። ሁለተኛውን ማስነጠስ ለሳቸው ብዬ ነው አፍኜ የዋጥኩት። ዐይኔ ሊወጣ ነበር እኮ።»

ሶሊያና የጃኬቱን ኮሌታ አስተካከለችለት። ኢዩኤል ሲመለስ ሁለቱም እንደ ወትሮው ግድግዳ ግድግዳውን ያያሉ።

የምዘና ቢሮው ታዛቢ አቶ ያብስራ ከፊት ረድፍ፣ ከእማማ ብሌን ጎን ተቀምጠዋል። ስድስት ሚሊዮን አባላት ያሉት ማኅበር ሰው ናቸው፤ አረንጓዴ ባርኔጣቸው ያስታውቃል። ጉልበታቸው ላይ ቅጽ፣ አውራ ጣታቸው ሥር ትንሽ መቁጠሪያ ማሽን አለ።

«ከሩቅ ነው የመጡት?» አሉ እማማ ብሌን።

«ከመገናኛ ነው፣ እማማ።»

«ለዚህ ብለው!» አሉና ከንፈራቸውን መጠጡላቸው።

ጭሱ ወጣ። ማሽኑ ከበሮውን ጀመረ። ሶሊያና ጣቶቿን ኪቦርዱ ላይ ጣለች። ኬብሮን አፉን ሲከፍት የወጣው ድምፅ ማጠፊያው የዛገ በር ይመስል ነበር፤ ሆኖም በር ነበር፣ ተከፈተ። የመጀመሪያውን ስንኝ ጨረሰ። ሁለተኛውን ጨረሰ። ስድስት መቶ ሰው ያጨበጭባል፣ ይወዛወዛል፤ ዐይኑን ጨፍኖ እጁን ደረቱ ላይ የጣለም አለ። ከዚያ ኬብሮን ልክ በሃያ አንድ ዓመቱ ያደርግ እንደነበረው አንድ እግሩን ወደ ፊት አስቀድሞ፣ ማይኩን አዞረና ክንዱን ወደ ሕዝቡ ዘረጋ።

ስድስት መቶ አፍ ተከፈተ። ስድስት መቶ አፍ ተንቀሳቀሰ። ድምፅ የለም።

ሁሉም ጎረቤቱ ይዘፍናል ብሎ ከንፈሩን ብቻ ያነሣል፤ ጎረቤቱም እንዲሁ። ከሁሉ አብልጦ የሚያንቀሳቅሰው ከመድረኩ ጎን የቆመው ኢዩኤል ነበር፤ ጅማቱ ተገታትሯል። አቶ ያብስራ እንኳ ለእንግድነታቸው ወግ ያህል አፋቸውን ገርበብ አድርገው ከንፈራቸውን ያነሣሉ። ለአዲሱ ምዘና የተስተካከለው ማሽን ድምፅ ካልገባለት ወደ ፊት አይሄድም፤ የአዝማቹን ሙዚቃ ብቻ እየዞረ ይጠብቃል። አንድ ዙር ሄደ። ሁለት ዙር ሄደ። በሦስተኛው ረድፍ ያለች አንዲት ሴት ጨፍና የነበረውን ዐይኗን ገልጣ የጎረቤቷን አፍ አየች። ጎረቤቷም የእሷን አፍ ያያል። ሁለቱም ከንፈራቸውን ማንቀሳቀስ አላቆሙም። አቶ ያብስራ መቁጠሪያቸውን አዩ፤ ዜሮ ይላል።

ኬብሮን ማይኩን የበለጠ ወደ ፊት ገፋ። ሶሊያና ከኪቦርዱ ጀርባ ሆና ሁሉንም ታያለች። የእናቷ ሦስተኛ ቀልድ ምን እንደሚሆን ፊቷ ላይ ድቅን አለ፤ ይኸው ነው፣ ዛሬ ነው፣ ስድስት መቶ ሰው አፉን ከፍቶ ነው። ያን ጊዜ የመጣላት ዘዴ አንድ ብቻ ነበር። ሙዚቃው ሌላውን ሁሉ ከዋጠው፣ ሰው መዝፈን አለመዝፈኑን ማን ይለያል? የድምፅ ማዞሪያዋን ይዛ እስከ ጥጉ አዞረችው። የሕንፃው ቆርቆሮ ተንቀጠቀጠ። ወንበሮቹ ወለሉ ላይ ተንፏቀቁ።

ከፊት ረድፍ የእማማ ብሌን ከዘራ ወለሉን ሁለት ጊዜ መታ።

«ሶሊ! ቀንሺው እንጂ! ጎረቤት ይሰማል!»

ቃሉ አዝማቹ የሚገባበት ቦታ ላይ ልክክ ብሎ ወደቀ። ከምቱም ከዜማውም አንዲት ፍሬ አላጎደለም። ማሽኑ ድምፅ ስለገባለት ደስ ብሎት አዲስ ከበሮ ጨመረ። ሕዝቡ ለግማሽ ዙር ያህል ተያየ። ከዚያ የሦስተኛዋ ረድፍ ሴት፣ የሰመጠ ሰው ገመድ እንደሚይዝ ያዘችው።

«ቀንሺው እንጂ! ጎረቤት ይሰማል!»

አርባ ሰው ተከተላት። በሚቀጥለው ዙር ስድስት መቶው ሁሉ ገባበት። በፍቅር ዘፈኑት። እጃቸውን ወደ ላይ ዘርግተው፣ ተቃቅፈው፣ አንዳንዶቹም እንባቸው ወርዶ፣ «ቀንሺው እንጂ! ጎረቤት ይሰማል!» አሉ። ኢዩኤል ድምፅ እንዳለው ታወቀ። አንድ ሰው ወደ ጓደኛው ጆሮ ተጠግቶ፣ «ይቺን አዝማች እኮ ነው ከልጅነቴ ጀምሬ የምወዳት!» ሲል ጓደኛው፣ «የድሮ ግጥም እኮ ነው!» ብሎ መለሰለት። ኬብሮን ወደ ሶሊያና ዞሮ፣ «ነግሬሽ የለ! ሕዝብ አይረሳም!» አላትና ራሱም ዘፈነ። የአቶ ያብስራ አውራ ጣት ወረደ። አንድ። ሁለት። ሦስት።

ሶሊያና ግን ያን ቃል ታውቀዋለች። አዝማች ሆኖ አይደለም የምታውቀው። አሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር፤ በዚያች ክፍል፣ በተዘጋ በር፣ በየምሽቱ፣ ዘፈኑ እዚያች ቦታ ላይ በደረሰ ቁጥር ከግድግዳው ወዲያ የሚመጣ የእናቷ ድምፅ ነበር። ትቀንሰዋለች፤ በማግስቱ መልሳ ታጎላዋለች። እንግዲህ ዘፈኑ ከጩኸቱ ተወልዶ ይሁን ጩኸቱ በዘፈኑ ተስተካክሎ፣ አሁን ማን ይለየዋል?

ወደ ፊት ረድፍ አየች። አራት።

እማማ ብሌን አይዘፍኑም። የአባል ቁጥር አንድ መታወቂያ ደረታቸው ላይ ተንጠልጥሎ፣ ሁለት እጃቸውን ሁለት ጆሯቸው ላይ ጭነው፣ ትከሻቸውን ሰብስበው ተቀምጠዋል። ፊታቸው የአድናቂ ፊት አልነበረም። ሲለምን ኖሮ መለመን የደከመው ሰው ፊት ነበር። «ቀንሺው አልኩሽ፣ ልጄ» ሲሉ ከከንፈራቸው ላይ አነበበች፤ በዚያ አዳራሽ ውስጥ የሚናገረውን የሚያውቅ ከንፈር ያ ብቻ ነበር።

አምስት።

‹በባንዱ ሙዚቃ ታጅቦ› ይላል ደብዳቤው። ሶሊያና ታውቃለች። ሦስት ቀርቷል፤ ሦስት ዙር ብቻ ብትታገሥ እናቷ በጭስና በጨዋ ልቅሶ ትሸኛለች። እጇ ማዞሪያው ላይ አረፈ። ለሦስት ዙር ያህል ያዝ እንዲያደርግላት እጇን ጠየቀችው። እጇ ግን ሰባ ዓመት የሞላው የአርቲስት እጅ አልነበረም፤ እናቱ የጠራችው የልጅ እጅ ነበር።

ቀነሰችው።

ሙዚቃው ዝቅ ባለ ቁጥር ሕዝቡ ከፍ አለ። ስድስት። ቤዙ፣ ወፍራሙ ድምፅ፣ ጠፋ። ከበሮው እንደ ሩቅ ዝናብ ሆነ። ሰባት። ማዞሪያዋ ጥጓ ደርሳ ቀጭ አለች፤ ከሁለት ሶኬት ወገን የሚወጣ ምንም ድምፅ አልቀረም። ሕዝቡ አላቆመም። በባዶ ሕንፃ ውስጥ፣ በእግሩ ምት እየመታ፣ ምንም የማይሰማውን ነገር «ቀንሺው እንጂ! ጎረቤት ይሰማል!» እያለ ይለምናል። ኬብሮን ማይኩን ቀስ ብሎ ዝቅ አደረገ። ሶሊያናን አያት፤ እጇን አየ።

ስምንተኛው ሲደርስ የአቶ ያብስራ አውራ ጣት ከመቁጠሪያቸው በላይ አየር ላይ ቀረ። ወደ ቅጹ አጎነበሱ፤ ቀና ብለው ዝም ያለውን ኪቦርድ አዩ፤ እንደገና ቅጹን አዩ። ከዚያ አረንጓዴ ባርኔጣቸውን አውልቀው ጭናቸው ላይ አስቀመጡና፣ የራሳቸውን ዘፋኝ አንድ ዘፈን ለማስታወስ እንደሚሞክር ሰው፣ በዝግታ ከንፈራቸውን አንቀሳቀሱ። ብዙም አልሄዱ፤ ቆሙ።

እማማ ብሌን እጃቸውን ከጆሯቸው አወረዱ። አንዱን ጆሮ፣ ቀጥሎ ሌላውን፣ በጥንቃቄ ለቀቁት። ወደ ታዛቢው ዘንበል አሉና፣

«እፎይ» አሉ። «ሃምሳ አንድ ዓመት ሙሉ ለመንኳት እኮ።»